በር ላይ የተደፋ ንፍሮ

ካሰች ድግስ ላይ ስትበላ ብዙ ጊዜ አይቻታለሁ። የመጀመሪያዋን ጉርሻ አላምጣ ወዲያው አትናገርም፤ ቀና ብላ የሰዉን ፊት ታያለች። ሰው የጣፈጠው ከመሰላት «እንዴት ያለ ምስር ነው!» ትላለች። አንዷ ፊቷን ካጨማደደች ደግሞ «ጨው ሳይበዛበት አልቀረም» ትላለች። ያ ምላስ የማን እንደሆነ አላህ ይወቀው። ይሄን የማወራው ላማት ብዬ አይደለም። እኔም አጠገቧ ተቀምጬ የማየው የእሷን ፊት ነበር።

መካነ ሰላም ውስጥ የእሷንና የእኔን ግቢ የሚለየው አንድ የቆርቆሮ አጥር ነው። እኔ ዘይነባ እባላለሁ፤ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሳይንስ አስተምራለሁ። እሷ በመሥሪያ ቤቶቹ መንገድ አንዲት ጠባብ የጽሕፈትና የፎቶኮፒ ቤት አለቻት። አባቷ መሪጌታ ወልደሩፋኤል ከከላላ ወዲህ ባለ አንድ ደብር ዜማ ያስተምሩ ነበር። ከተማሪዎቹ አንዱ ድምፁን ለየት ካደረገ ማን እንደሆነ አይጠይቁም፤ ዐይናቸውን ሳይገልጡ በመቋሚያቸው ይሰነዝራሉ፣ ዱላውም አይስትም። ካሰች በሕፃንነቷ ከማጀት ሆና ይሄን እየሰማች ነው ያደገችው። እንዳጫወተችኝ፣ እሷ ተመትታ አታውቅም። የሌላው ጀርባ ሲጮህ መስማቱ በቅቷታል።

አግብታ ወደ ከተማ መጣች፤ ባሏ ሲሞትባት መተየብ ተማረች፤ ቤቷን ከፈተች። ማመልከቻ ሊያስጽፍ የሚመጣን ሰው «ምን ብዬ ልጻፍልህ?» ትለዋለች። «እኔ ምን አውቃለሁ እህቴ፣ እንደ ሌላው አድርገሽ ጻፊልኝ» ይላታል። እንደ ሌላው አድርጋ ትጽፋለች። ጽሑፏ ንጹሕ ስለሆነ የሰፈራችን ሴቶች እድር ጸሐፊ አደረግናት። እድራችን ክርስቲያንም ሙስሊምም አንድ ላይ ያለበት ነው። እንግዳ በመጣ ቁጥር በዚህ እንመሰገናለን፤ ምስጋናውንም ለምደነዋል።

ኡሙልኸይር ካሰች ግቢ ገብታ የኋላ ክፍሏን ስትከራይ ሠላሳ ዓመት ቢሆናት ነው። አንድ የልብስ ስፌት መኪና፣ አንድ ፍራሽና ሁለት ጀሪካን ይዛ መጣች። ከባሏ የተለያየች ነች፤ እናቷ ገጠር እንዳለች ከመናገር በቀር ስለ ወገኗ አታወራም። እጇ ቶሎ ይሠራል፤ የደንብ ልብስ በሚሰፋበት ወቅት የሰፈሩ ልጅ ሁሉ እሷ ጋ ይሰለፋል። እድሩ ውስጥ ገባች። ለቅሶ ሲኖር ሊጥ አቡኪ ብትባል ከማንም ቀድማ እጅጌዋን የምትሰበስብ እሷ ነበረች። እሷ ያቦካችውን ሁላችንም በልተናል።

በሁለተኛው ዓመት ካሰች ታይፎይድ ያዛት። ሦስት ሳምንት ተኛች። እኔ ጠዋት ጠዋት ብቅ እያልኩ «አፊያ ነሽ?» ብዬ ወደ ትምህርት ቤት እሄዳለሁ፤ ሌሎቹም እንዲሁ። ያነሣቻት፣ ያጠበቻት፣ ላቧ የበላውን አንሶላ የቀየረችላት ኡሙልኸይር ናት። አጥሚት እያፈላች በማንኪያ ታጠጣታለች። ካሰች አንገቷን ማቅናት ሲያቅታት በግራ እጇ አገጯን ደግፋ፣ በቀኟ እያጎረሰች፣ «ይቺን ብቻ፣ እትዬ ካሰች፣ ይቺን የመጨረሻዋን» ስትላት በዐይኔ አይቻለሁ። ካሰች ከተነሣች በኋላ «እኔን ያዳነኝ መድኃኒቱ አይደለም፤ የኡሙልኸይር አጥሚት ነው» እያለች ለሰው ሁሉ ታወራ ነበር። ሰዉም «እውነትሽን ነው፣ የተባረከች ልጅ!» ይል ነበር። ያኔ ይሄን ማለት ቀላል ነበር፤ ሁሉም ይለው ነበርና።

ከዚያ ሁለት ዓመት ቆይቶ፣ አንድ የገበያ ቀን ከከላላ በኩል በቅሎ ጭኖ የመጣ ነጋዴ ኡሙልኸይርን መኪናዋ ላይ ተቀምጣ አያት። ለሰው ጠጋ ብሎ «ይቺ የሸክላ ሠሪዎቹ ልጅ አይደለችም እንዴ?» አለ። ሰውዬው ሌላ ነገር አልተናገረም። በርበሬውን ሽጦ ወደ አገሩ ሄደ።

በዚያው ሳምንት የእድራችን ሊቀመንበር የእማማ ሀጀራ የልጅ ልጅ፣ ትህትና የምትባል የሰባት ዓመት ልጅ፣ ሆዷን ያዛት። ከጥቂት ቀን በፊት ኡሙልኸይር ቀሚሷን ለክታላት ነበር። ልጅቷን ደሴ ወሰዷት። እነሱ ደሴ ሳሉ እዚህ ወሬው አልቆ ተፈርዶ ነበር። ቃሉን በግልጽ የሚጠራው የለም። «እነሱ እኮ ናቸው» ይባላል። «ዐይኗን አይተሻታል? ልጅቷን ስትለካት ትክ ብላ አየቻት አሉ» ይባላል። ቡዳ የሚለውን ቃል የተማረ ሰው አፉ ላይ አያመጣውም፤ ያስበዋል እንጂ አይጠራውም።

ወሬውን ለካሰች የነገርኳት እኔ ነኝ። በእኔ ግቢ፣ ከሰዓት በኋላ፣ ጎመን እየቀነጠስን ነበር። «ሸክላ ሠሪዎች ናቸው አሉ። ሰዉ ሁሉ እሷ በላቻት እያለ ነው» አልኳት። መጀመሪያ ፊቴን አየችው። እየቀለድኩ እንደሆነ ልታውቅ ፈልጋ ይሆናል። እኔ አልሳቅሁም። ካሰች ጎመኑን አስቀምጣ ተነሣች፤ ወደ አጥሩ ሮጠች፤ ቆርቆሮውን ተደግፋ አስታወከች። ሆዷ ባዶ እስኪሆን፣ ቢጫ ውሃ እስኪወጣት። አፏን ጠርጋ ተመለሰች።

«ዘይኑ፣ ሦስት ሳምንት እኮ ነው ከእጇ የጠጣሁት» አለችኝ።

አጥሚቱን ከጠጣች ሁለት ዓመት አልፎታል። ሆዷ ውስጥ የነበረው የዚያን ቀን ምሳዋ ነው። እኔ የሳይንስ መምህር ነኝ፤ በነጋታው አምስተኛ ክፍል ገብቼ የማስተምረው ስለ ተውሳክና ስለ ተላላፊ በሽታ ነበር። ይሄን ልላት ስችል ያልኳት «ውሃ ላምጣልሽ?» ብቻ ነው።

ልጅቷ ትርፍ አንጀት ሆኖባት በቀዶ ጥገና አውጥተውላት፣ በአሥራ አንደኛው ቀን በእግሯ እየሄደች ተመለሰች። ወሬው ግን አልተመለሰም። የእድሩ ስብሰባ ሲጠራ እማማ ሀጀራ ግቢ ውስጥ ሃያ ሁለት ሴቶች ተቀመጥን። ኡሙልኸይር አልተጠራችም። ግማሹ ስለ ድንኳኑ መቀደድ አወራ፤ ስለ ድስቶቹ ተወራ። ከዚያ አንዷ ጉሮሮዋን ጠርጋ «ያቺ ነገርስ?» አለች። የትኛዋ ነገር ብሎ የጠየቀ የለም። እማማ ሀጀራ መቁጠሪያቸውን እያንከባለሉ «እንግዲህ እናንተ የምትሉትን ነው» አሉ። እኛ ደግሞ «እርስዎ እንዳሉ» አልን። እንዲህ እየተባባልን ማንም ምንም ሳይል ተወሰነ። እጅ ስናወጣ እኔ አወጣሁ። ካሰች ግራና ቀኟን አይታ አወጣች።

በማግስቱ የጻፈችውን ወረቀት አይቼዋለሁ። እንዲህ ይላል፦ «ለአባላት ጤና ጥንቃቄ ሲባል፣ ወይዘሮ ኡሙልኸይር ከሊጥ ማቡካት፣ ከወጥ ሥራና ምግብ ከማቅረብ ነፃ እንዲሆኑ በሙሉ ድምፅ ተወስኗል።» ነፃ እንዲሆኑ! ስብሰባው ላይ እንዲህ ያለ ቃል አልተነገረም። ያንን ሁሉ ግም ነገር አጥባ፣ ተኩሳ፣ ማኅተም የሚያርፍበት ያደረገችው የካሰች እጅ ነው። እኛም አንብበን «እንዴት አድርገሽ አሳምረሽ ጻፍሽው!» አልናት።

ወረቀቱን ራሷ ናት የሰጠቻት። ኡሙልኸይር መኪናዋን አቁማ አነበበች። ሁለት ጊዜ አነበበችው። ከዚያ ቀና ብላ፣ «አጻጻፉ ያምራል፤ የአንቺ ነው አይደል?» አለቻት።

«እድሩ ነው የወሰነው» አለች ካሰች።

«እሱንማ አነበብኩ» አለችና ጨርቁን ከመርፌው ሥር ገፋች።

ከዚያ በኋላ በአንድ ግቢ እየኖሩ ካሰች ውሃ የምትቀዳው ኡሙልኸይር ከቧንቧው ስትርቅ ጠብቃ ነው። የቧንቧውንም አፍ በአመድ ታሸዋለች። አንድ ቀን ኡሙልኸይር በመስኮት ስታያት አይቻለሁ። ዞር ያለችው እኔን ስታይ ነው፤ ያፈረችውም እሷ ናት፤ የምናፍረው እኛ መሆን ሲገባን።

በዓመቱ ኡሙልኸይር የታመመች እናቷን ከገጠር አምጥታ እዚያችው ክፍል አስቀመጠቻት። አሮጊቷ ወር ሳይሞላት ሞተች። ጀናዛውን የመስጊዱ ሰዎች ወስደው ቀበሩ። እድሩም ድንኳኑን ሰጠ፤ ደንብ ነው። ሴቶቹ ግን እንደ ሌላው ለቅሶ ማለዳ መጥተን እሳት አላነደድንም። ድስት ያወጣ የለም። ራሷ ኡሙልኸይር፣ እናቷን ባስቀበረች በሁለተኛው ሰዓት፣ ስንዴና ባቄላ ጥዳ ንፍሮ ቀቀለች። እኛ ከሰዓት በኋላ ተሰብስበን ሄድንና ድንኳኑ ውስጥ ተደርድረን ተቀመጥን። እያንዳንዳችን ከቤት የሞላነውን የውሃ ፕላስቲክ በነጠላችን ሥር ይዘን ነበር። ተነጋግረን አይደለም። ሳንነጋገር ሃያ ሁለታችንም ይዘን መጣን።

ንፍሮውን በሰፌድ ይዛ ዞረች። ዐይኗ አብጧል። እያንዳንዳችን «አላህ ያጥናሽ»፣ «እግዜር ያጥናሽ» እያልን እፍኝ እፍኝ አነሣንና በነጠላችን ጫፍ፣ በሻርፓችን ጫፍ ቋጠርነው። ወደ አፉ ያስጠጋ የለም። እሷም አየች። ሰፌዱን ይዛ እስከ መጨረሻዋ ሴት ድረስ ዞረች፤ አንዳችንንም አላለፈችንም። ለምን እንዲያ እንዳደረገች ሳስበው ዛሬም ፊቴ ይቃጠላል።

ከግቢው ወጥተን ጥቂት እርምጃ እንደሄድን የመጀመሪያዋ ሴት የነጠላዋን ጫፍ ፈታ አራገፈችው። ሁለተኛዋም አራገፈች። እኔም ዞር ብዬ ደፋሁት። እርጥቡ ስንዴ ከአጥሩ ሥር ተከመረ፤ የጎረቤት ዶሮዎች እየተሯሯጡ መጥተው ይለቅሙት ጀመር። ካሰች ብቻ እንደ ቋጠረችው ቆማ ዶሮዎቹን ታያለች።

«እማማ ሀጀራ» አለች ድንገት። «እውነት ትህትናን እሷ የበላቻት ይመስልዎታል?»

ሁላችንም ቀጥ አልን። እማማ ሀጀራ ዞር ዞር ብለው አዩና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ምነው ልጄ፣ እኔ መቼ እንዲህ አልኩ? ሐኪሙ ትርፍ አንጀት ነው ብሎኛል። ያወጡትንም በዕቃ አድርገው አሳይተውኛል። እናንተ ስትሉ ሰምቼ እንጂ!»

«እኛማ እርስዎ አሉ ተብሎ ነው» አለች ከጎናቸው የነበረችው።

«እኔ እንዲህ ባለ ነገር አላምንም» አለች ሌላዋ፤ «ልጆቼን ሰው እንዳያገልብኝ ብዬ ነው።»

«እኔስ ብትሉ! ሰው ምን ይለኛል ብዬ እንጂ ከእጇ ብበላ ደስ ይለኝ ነበር፤ ሊጥ እንደ እሷ የሚያቦካ የት አለ?»

አንድ በአንድ ሁሉም ተናገረ። ከሃያ ሁለት ሴት ያመነች አልተገኘችም። እኔም «እኔማ መምህር ነኝ፣ እንዴት ብዬ አምናለሁ?» አልኩ። ከዚያ አንዷ ፍርፍር ብላ ሳቀች፤ ሳቁ ተጋባና ሁላችንም ሳቅን። ወላሂ ሳቅን! የሞተ ሰው በር ላይ፣ የለቅሶ ንፍሮ ደፍተን፣ ሸክም እንደወረደለት ሰው ተሳሳቅን። ተመልሶ «ይቅር በይን» ሊላት ያሰበ ግን የለም። ሳቃችን ሲያልቅ ነጠላችንን አስተካክለን ልንሄድ ነው።

ካሰች አልሳቀችም። «እንግዲያው ያመንኩት እኔ ብቻ ነኛ» አለች። ድምፅዋ እንግዳ ሆነብኝ። «እናንተ ያላመናችሁትን እኔ ሆዴ ድረስ አምኜ አስታወክሁት።» ተመልሳ ወደ ግቢው ገባች። ሌሎቹ ሄዱ፤ እኔ በሩ ጋ ተጠግቼ አየሁ።

ኡሙልኸይር ባዶው ድንኳን ውስጥ አግዳሚ ላይ ተቀምጣለች። ካሰች ፊቷ ቆመች፤ የነጠላዋን ጫፍ ፈታ ንፍሮውን አሳየቻትና እፍኙን ሙሉ አፏ ውስጥ ከተተችው። አላመጠች። ዐይኗ እንባ አቀረረ። ለመዋጥ አንገቷን እንደ ዶሮ ሰበቀች፤ ዋጠችው። ቀና ብላ ልትናገር አፏን ስትከፍት ተመልሶ መጣባት። በእጇ አፏን አፍና ወደ ጥጉ ሮጠች፤ አልደረሰችም። ምንጣፉ ላይ፣ የሐዘንተኛዋ እግር ሥር፣ አስታወከችው።

ኡሙልኸይር ተነሥታ በጣሳ ውሃ አመጣችላት። እጇን አስታጠበቻት።

«አሁንም ታምኛለሽ?» አለቻት።

«አላምንም። በአባቴ ነፍስ አላምንም።»

«ታዲያ ሆድሽ የሚሰማው ማንን ነው?»

ካሰች ምንጣፉን ልትጠቀልል ጎንበስ ስትል ኡሙልኸይር ከእጇ ወሰደችው። «ሂጂ፣ እትዬ ካሰች። እኔ ዛሬ እናቴን ነው የቀበርኩት። የአንቺን ነገር ሌላ ቀን አለቅስበታለሁ።»

በሚቀጥለው ስብሰባ ካሰች ያልተያዘ አጀንዳ አነሣች። ያ ውሳኔ ይሰረዝ፣ ኡሙልኸይርም ይቅርታ ትጠየቅ አለች። ያን ቀን በር ላይ «አላምንም» ያሉትን አንድ በአንድ በስማቸው ጠራቻቸው። አንዷ ጥፍሯን ታያለች፤ አንዷ ልጇን ታጠባለች። እኔንም ጠራችኝ። «አላስታውስም» አልኩ። ሃያ አንድ ሴት እያየ «አላስታውስም» አልኩ፤ ሃያ አንዱም እንደዋሸሁ ያውቃሉ፤ ከካሰች በቀር ሁሉም አመሰገኑኝ። ድምፅ ሲሰጥ የተነሣው የካሰች እጅ ብቻ ነበር። ከጸሐፊነቷ አወረድናት። ጸሐፊዋ አሁን እኔ ነኝ።

ከዚያ ወዲህ ስለ ካሰችም «እሷንም በልታ ጨርሳታለች» ይባል ጀመር። ማመልከቻ አስጻፊው ወደ ሌላኛው ጽሕፈት ቤት ሄደ። ኡሙልኸይር በዚህ ሁሉ አልቆየችም፤ ደጎሎ የሚሄድ አይሱዙ ተገኘና ዕቃዋን ጫነች። የስፌት መኪናውን ከአንዱ ጫፍ ይዛ ያወጣችው ካሰች ናት። ኡሙልኸይር ከጋቢናው ሆና ምን እንዳለቻት አልሰማሁም። ካሰች ግን ራሷን ነቀነቀችና በሩን ዘጋችላት። ይቅር ተባብለው እንደሆነ ጠይቄያት «አላለችኝም፤ እኔም አልጠየቅኋት። ስልኬን ግን ታነሣልኛለች» አለችኝ።

አሁን ካሰች ለሰው የምትከብድ ሆናለች። ዝናብ ሊመጣ ነው ካሏት «አይመጣም» ትላለች። ሁሉ ያደነቀውን ታጣጥላለች። መጀመሪያ እልህ መስሎኝ ነበር። አንድ ቀን ገበያ መሐል፣ ጨርቅ ሻጭ ፊት፣ ቀይ ጨርቅ ዘርግታ እያየች ቆማ አገኘኋት። «ዘይኑ፣ ቀይ እወዳለሁ እንዴ?» አለችኝ። ቀልድ መስሎኝ ሳቅሁ። «የምሬን ነው። አርባ አራት ዓመቴ ነው፤ እምቢ ማለትን ለመድኩ፤ የምወደውን ግን አላውቀውም። እምቢም ስል የማየው የእነሱን ፊት ነው።» ጨርቁን ሳትገዛ ሄደች።

ባለፈው ሰኔ መጨረሻ በአጥሩ በኩል ጠራችኝ። ቅዳሜ ደጎሎ ልትሄድ መኪና አግኝታለች፤ ኡሙልኸይር እዚያ ቤት ተከራይታ ትሰፋለች፤ ስለ ወገኗ የሚያውቅባት የለም። «አብረን እንሂድ፤ አንቺም ብታያት ደስ ይላታል» አለችኝ።

የእማማ ሀጀራ በር ክፍት ነበር፤ ሰዎች ደጃፉ ላይ ተቀምጠዋል። ሰምተውን እንደሆነ ዞር ብዬ አየሁ።

«ትምህርት አለብኝ» አልኳት።

ትምህርት ቤቱ ለክረምት ከተዘጋ ሳምንት ሆኖት ነበር። ካሰችም ታውቃለች። «እሺ» ብላ ገባች።